አርታዒው ምኑን ያቃናል?

«አርታዒ» የሚለውን ቃል የወረስነው ከግእዝ ነው። ሥሩ «ረትዐ» ይባላል፤ ቀና፣ ተስተካከለ ማለት ነው። «ርቱዕ» የምንለውም ከዚሁ ግንድ የበቀለ ነው። እንግዲህ አርታዒ ማለት የጎበጠውን የሚያቃና ማለት ነው። ይህንን ትርጓሜ አብዛኞቻችን የምናውለው በፊደል ግድፈትና በሰዋስው ላይ ነው። «ሀ»ው በ«ሐ» ተተክቶ እንደሆነ፣ ዐረፍተ ነገሩ ማሰሪያ አንቀጽ አጥቶ እንደሆነ ያይልናል እንላለን። ይህም የሚናቅ ሙያ አይደለም። ነገር ግን ከዚህ የሚቀድም ጥያቄ አለ። የጎበጠው የቱ ነው? ጽሑፉ ነውን ወይስ ጽሑፉ የሚገባበት በር? በሩ ዝቅ ካለ፣ ቁመቱ የቀና ሰው እንኳ ጎንበስ ሳይል አይገባም። ደጅ ቆሞ የቀረውን ደግሞ አንባቢ ጭራሽ እንዳልነበረ ይቆጥረዋል። በዚህች አጭር ጽሑፍ የምሟገተው፣ አርታዒ በሩንም ማቅናት ይገባዋል ብዬ ነው።

አንባቢ ሆይ፣ ነገሩን ከአገሬ ልጀምር። ከከላላ እስከ መካነ ሰላም ባለው የወሎ ደጋ ግጥም የሌለበት ቀን የለም። ሴቶች በወፍጮ ላይ ሆነው ያንጎራጉራሉ፤ ሙሾ አውራጇ የሟችን ታሪክ በስንኝ ትዘረዝራለች፤ በመውሊድ መንዙማ ይባላል። ጎሕ ሳይቀድ በየደጁ እየዞሩ የሚያዜሙ ላሊበሎችም አሉ፤ በሌላው አገር ሐሚና ይሏቸዋል። ዜማውን ካቋረጡ ደዌ ይወርድባቸዋል ተብሎ ይታመናል። ስለዚህ ተሸፋፍነው ያዜማሉ፣ የተሰጣቸውን ተቀብለው ይመርቃሉ፣ ሰው ሳያያቸው ይሄዳሉ።

ከዚህ ሁሉ ወደ መጽሐፍ የገባው ምን ያህል ነው? የገባውስ በማን ስም? በየስብስቡ ስንኞቹን የምናገኛቸው «የሕዝብ ግጥም» በሚል ርእስ ሥር ነው። ሕዝብ ግጥምን ይቀባበላል፣ ያሻሽላል፤ መጀመሪያ የገጠመው ግን አንድ ሰው ነው። ያቺ ባለወፍጮ እናት ስም ነበራት። እኛ ስንኟን ወስደን ስሟን ከደጅ ትተነዋል። ከዚሁ ከወሎ፣ ከ1870 ዓ.ም. የቦሩ ሜዳ ጉባኤ በኋላ ሃይማኖትን በግድ ማስለወጥን የተቃወሙት ሼህ ጦልሃ ቢን ጃዕፈር መንዙማቸውን በአማርኛ ደርሰው በዐረብኛ ፊደል ጽፈዋል። ቋንቋው የእኛው ነው። ነገር ግን የአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ታሪክ ስንማር ስማቸውን የሰማን ስንቶቻችን ነን? ፊደሉ ሌላ በመሆኑ ብቻ ግጥሙ ከበር ተመልሷል።

ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የንባብ ማኅበር ውስጥ ረቂቆችን ከሚመለከቱት አንዱ ነበርሁ። ስም ያልሰፈረበት አጭር ልቦለድ ደረሰን። ባለታሪኳ የሸክላ ሠሪ ልጅ ናት። መንደሩ ገንቦዋን ይገዛታል፤ እርሷን ግን «ጠይብ» እያለ ይሸሻታል፣ ዓይኗንም ይፈራል። አጻጻፉ የጠራ ነበር። ከመካከላችን አንዳንዶቹ «መልካም ሥራ ነው፤ ልጅቱ የመምህር ልጅ ብትሆን ግን ለአንባቢ ይቀላል» አሉ። በክፋት አልነበረም፤ ሊያቃኑት ፈልገው ነው። እኔም ገንቦው ከተሰበረ ውሃው በምን ሊያዝ ነው ብዬ ተሟገትሁ። ክርክሩ እስኪመሽ ዘለቀ፤ በመጨረሻም ታሪኩ እንዳለ ተነበበ። ጸሐፊው ማን እንደሆነ፣ ወንድ ይሁን ሴት፣ እስከ ዛሬ አላወቅንም። ምናልባት በዚያው ቤት ጥግ ላይ ተቀምጦ ሲያደምጠን ነበር።

በአገራችን ይህንን በር ለማቅናት የተነሡ ቀደምት ሰዎች አሉ። ኦኔሲሞስ ነሲብና አስቴር ጋኖ ሁለቱም ከኦሮሞ ምድር በባርነት የተወሰዱ ልጆች ነበሩ። ኦኔሲሞስ እ.ኤ.አ. በ1870 በምጽዋ ነፃ ወጣ። አስቴር ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1886 ወደ ዐረብ አገር ሊያሻግራት ከነበረው ጀልባ በጣልያን መርከበኞች ተይዛ ነፃ ከወጣች በኋላ፣ በምጽዋ አቅራቢያ እምኩሉ ወደነበረው የስዊድን ወንጌላውያን ትምህርት ቤት ገባች። በዚያም በልጅነቷ የሰማቻቸውን ተረቶች፣ እንቆቅልሾች፣ ምሳሌዎችና ዘፈኖች ከትዝታዋ እየቀዳች ጻፈች፤ ቁጥራቸው አምስት መቶ ያህል ነበር። ከእነዚህ ብዙዎቹ እ.ኤ.አ. በ1894 በታተመው የኦሮምኛ ማንበቢያ መጽሐፍ ውስጥ በግእዝ ፊደል ወጡ። እ.ኤ.አ. በ1899 ለታተመው የኦሮምኛ መጽሐፍ ቅዱስም የቃላት ሀብቷ ትልቅ ድርሻ ነበረው። ማንም ያልጠየቀውን የአንድ ሕዝብ አንደበት ሁለት የተሸጡ ልጆች ገጽ ላይ አኖሩት። ሆኖም ዛሬም ሥራው ሲነሣ ቀድሞ የሚጠራው ኦኔሲሞስ ነው፤ የአስቴር ስም በጥላው ሥር ይቀራል። በሩን ያቀኑትም መካከል ቢሆን ሴቲቱ ወደ ኋላ ትቀራለች ማለት ነው።

ወደ ዘመናችን ስመጣ፣ በዚህ ሙያ ከሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀኝ ጎረቤታችን ኬንያዊው ቢንያቫንጋ ዋይናይና ነው። በናኩሩ እ.ኤ.አ. በ1971 ተወለደ። ንግድ ሊማር ደቡብ አፍሪካ ሄዶ ትምህርቱን ሳይሆን ብዕርን ይዞ ተመለሰ። እ.ኤ.አ. በ2002 የአፍሪካ ጸሐፍት የሚወዳደሩበትን የኬን ሽልማት አገኘ። ያሸነፈበት ጽሑፍ የወጣው በኢንተርኔት ገጽ ላይ ነበር፤ ወረቀት የሚያትምለት ደጅ አልጠበቀም። በማግሥቱ ዓመት ከወዳጆቹ ጋር «ክዋኒ?» የተሰኘውን መጽሔት መሠረተ። ቃሉን ወደ እኛ ቋንቋ ብንመልሰው «እና ምን ይጠበስ?» እንደማለት ነው።

ስሙ ራሱ ለበረኞች የተሰጠ መልስ ነበር። በ«ክዋኒ?» ገጾች ላይ የናይሮቢ ወጣቶች የሚነጋገሩበት ሸንግ፣ ካርቱን፣ የሰፈር ዘፋኞች ቃል፣ ከታላላቅ ደራስያን ሥራ ጎን ተሰለፉ። ከሥነ ጽሑፍ መምህራን መካከል ሥራውን እንደ ዋልጌነት የቆጠሩ ነበሩ። መጽሔቱ ግን ገና በተወለደበት ዓመት ያሳተመው የኢቮን አዲያምቦ ኦውር ታሪክ የ2003ን የኬን ሽልማት ወሰደ። ታሪኩ ከሩዋንዳ ሸሽቶ ናይሮቢ የገባ ስደተኛ ታሪክ ነው። ከ2007ቱ የኬንያ ምርጫ በኋላ ደም ሲፈስም መጽሔቱ ያዩትንና የደረሰባቸውን የሚናገሩ ሰዎችን ቃል ሰብስቦ አወጣ። እ.ኤ.አ. በ2014 ዓ.ም. ከ40 ዓመት በታች የሆኑ 39 አፍሪካውያን ጸሐፍትን ለለየው «አፍሪካ 39» ለተባለው ሥራም ጽሑፎችን ፈልጎ ያሰባሰበው እርሱ ነበር። ዓለም የሚያውቀው እ.ኤ.አ. በ2005 ስለ አፍሪካ አጻጻፍ ባወጣው ምፀቱ ነው፤ እኔ ግን ከዚያ ይልቅ የሌሎችን ረቂቅ ሲያነብ ያጠፋውን ዕድሜ አከብራለሁ።

ይህ ሰው የሁሉንም ድምፅ ሲያስገባ የራሱን አንድ ነገር ውጭ አቁሞ ነበር። በጥር 2014 እ.ኤ.አ.፣ በልደቱ ሰሞን፣ ከግለ ታሪኩ የጎደለውን ምዕራፍ አወጣ። ከአምስት ዓመቱ ጀምሮ በውስጡ ያውቀው የነበረውን፣ ወንድ ሆኖ ወንድን የሚያፈቅር መሆኑን፣ በሞት አልጋ ላይ ላለችው እናቱ ሲነግራት በምናቡ ሣለ። እናቱ በ2000 ዓ.ም. እ.ኤ.አ. ስታርፍ እርሱ በደቡብ አፍሪካ ነበር፤ አልነገራትምም። ወሩ ናይጄሪያ አዲስ የቅጣት ሕግ ያጸደቀችበት፣ ኡጋንዳም ልታጸድቅ የተሰናዳችበት ነበር። ዝም ቢል የሚጠይቀው አልነበረም። ያን ሁሉ ዓመት ሌሎችን «እውነታችሁን ጻፉ» ያለ አርታዒ ግን የራሱን ምዕራፍ ባዶ ትቶ ሊያልፍ አልቻለም። ግንቦት 21 ቀን 2019 እ.ኤ.አ. በ48 ዓመቱ ዐረፈ። በሦስተኛው ቀን የናይሮቢ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንደ እርሱ ያሉትን የሚቀጣው ሕግ እንዲጸና ፈረደ።

አንባቢዬ በዚህ ሥፍራ ፊቱን ሊያጠቁር እንደሚችል አውቃለሁ። በእኛም አገር በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 629 ይህን ይቀጣል። ኬንያውያን ሕጉን የእንግሊዝ ቅኝ ገዥ ውርስ ነው ብለው መሟገት ይችላሉ፤ ለእኛ ይህ ክርክር አይሠራም። ክልከላው በመስጊዱም በቤተ ክርስቲያኑም የሚሰበክ፣ ከቤታችን የበቀለ ነው። ስለዚህ የማቀርበው የሥነ ጽሑፍን ክርክር ነው። አባቶቻችን በ«በላ ልበልሃ» ሲሟገቱ ሁለቱም ወገን ይናገር ነበር፤ የተጠላው ሰው እንኳ ቃሉ ሳይሰማ አይፈረድበትም። ሥነ ጽሑፍ ደግሞ ከችሎት ይልቅ ሰፊ ነው፤ መጽሐፉን ከዘጋን በኋላ ፍርድ እንድንሰጥ አያስገድደንም። የሚጠይቀን እስከ መጨረሻው ገጽ አብረን እንድንቀመጥ ነው።

አስቸጋሪው ነገር ከቃሉ ይጀምራል። በልማድ «ግብረ ሰዶም» እንላለን። በዚህ ስም ውስጥ በእሳት የተቃጠለች ከተማ አለች፤ ባለታሪኩ አንደኛውን ዐረፍተ ነገር ሳይጀምር ፍርዱ ተነቧል። «የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ» ስንል ደግሞ ከመዝገብ ቤት የወጣ ቃል ይመስላል፤ ልጅ ለሚሞት እናቱ በጆሮዋ የሚያንሾካሹከው ቃል አይደለም። የቢንያቫንጋን ምዕራፍ ወደ አማርኛ የሚመልስ ሰው ከርእሱ ላይ ይቆማል። እናት የምትሰማው አማርኛ ገና አልተጻፈም። «ጠይብ» በሚለው ቃል ውስጥ የሸክላ ሠሪዋ ልጅ እንደጠፋች ሁሉ፣ በዚህም ቃል ውስጥ የጠፋ ሰው አለ።

ሌላም ጥያቄ ይነሣል። ደፋር ነኝ የሚል አርታዒ ድፍረቱን በማን አንገት ላይ ነው የሚያሳየው? በዓሉ ግርማ «መነን»ን እና «አዲስ ዘመን»ን ያዘጋጀ፣ የአርታዒነትን ወንበር የሚያውቅ ሰው ነበር። «ኦሮማይ» በ1975 ዓ.ም. ታትሞ ከገበያ ተሰበሰበ፤ ደራሲው ከሥራው ተባረረ፤ በየካቲት 1976 ዓ.ም. ከቤቱ እንደወጣ ቀረ። ገጽ ዋጋ እንደሚያስከፍል የእኛ አገር አንባቢ ሊነገረው አያሻም። ቢንያቫንጋ የገለጠው የራሱን ምስጢር ነው፤ የማንንም ስም አሳልፎ አልሰጠም።

ከላይ የባለወፍጮዋ ስም መቅረቱን ነቅፌያለሁ፤ ስሙን የሸሸገውን የልቦለድ ጸሐፊ ግን አልነቀፍሁም። እርስ በርሱ የሚጋጭ ቢመስልም አንድ ነገር ነው። ስም የባለቤቱ ነው። ባለወፍጮዋን ማንም አልጠየቃትም፤ ጸሐፊው ግን ራሱ መርጦ ሸሸገ። አርታዒ ሊጠይቅ፣ ያልተሰጠውን ላይወስድ፣ የተሰጠውን ላይጥል ይገባዋል። ሼሁ በየትኛውም ፊደል ይጻፉ፣ ግጥሙን ያንብብ። ባለታሪኳን ለአንባቢ እንድትመች ብሎ ከሰፈሯ አያስወጣት። ሰውየውን ወደ ጭራቅ አይለውጠው፤ ወደ መልአክም እንዲሁ። በመመዘኛው ግን አይራራ፤ የተገፋ ሰው ደካማ ስንኝ ደካማ ነው፣ ያንን መንገር ደግሞ ማክበር ነው። ምሕረት የሚፈልገው ጽሑፍ ሳይሆን በሩ ነው።

ምን ያህል ረቂቅ በየመሳቢያው፣ በየስልኩ ውስጥ፣ በየሰው ጉሮሮ ላይ ቆሞ እንደሆነ እግዜር ይወቀው። የማውቀው ግን ሁሉም ጽሑፍ አንድ የመጀመሪያ አንባቢ እንደሚፈልግ ነው። ያ አንባቢ ብዕሩን ከማንሣቱ በፊት እስከ መጨረሻው ገጽ ያንብብ። የጎበጠ ነገር ካገኘ፣ ከፊደሉ በፊት ደፉን ይመልከት።