መንደር ከተማ የሚሆነው መቼ ነው?

የዛሬው ጨዋታችን የሚጀምረው ከሐረር፣ ከፈረስ መጋላ ነው።

ፈረስ መጋላ በጀጎል ግንብ ውስጥ ያለ አደባባይ ነው። ከምዕራብ በኩል በሐረር በር የገባ ሰው መንገዱን ይዞ ቀጥ ካለ እዚያው ይደርሳል። ከአደባባዩ ወደ ውስጥ የሚወርደው ጠባብ መንገድ መኪና ግርግር ይባላል። ግርግር የሚለው መኪና የስፌት መኪና ነው። ልብስ ሰፊዎች ግራና ቀኝ ተቀምጠው ቀኑን ሙሉ ይሰፋሉ።

በአንድ የገበያ ቀን አንዲት እናት እዚያ ቁጭ ብለው የልጃቸውን ቀሚስ ሲያስጠብቡ አገኘናቸው። ለውዛቸውን ሸጠው ጨርሰዋል። የመጡት በባቢሌ መንገድ ዳር ካለች ትንሽ መንደር ነው። ፊደል የቆጠሩት ባለፈው ዓመት ነው። የልብስ ሰፊውን ማስታወቂያ በጣታቸው እየተከተሉ ያነቡ ነበር። ከዚያ ወደ እኛ ዞሩና፦

«ልጄ፣ መንደራችሁ ከተማ ሊሆን ነው ይሉናል። አንዱ እልል በሉ ይለናል። ሌላው አልቅሱ ይለናል። ለመሆኑ ይህ ነገር ሹመት ነው ወይስ ሽረት?» አሉን።

«እናቴ፣ ጥያቄው የእርስዎ ብቻ አይደለም። የብዙ ሰው ጥያቄ ነው» አልናቸው። ስለዚህ መልሱን ለሁላችሁም እንጽፋለን።

ከተማ ምንድን ነው?

በመጀመሪያ ቃሉን እንመልከት። «መጋላ» በሐረሪ ቋንቋ ገበያ ማለት ነው። ፈረስ መጋላ ማለት የፈረስ ገበያ ነው። በኦሮምኛ ግን መጋላ ማለት ከተማ ነው። በሶማሊኛም መጋሎ ማለት ከተማ ነው። እንግዲህ ለአንዱ ገበያ የሆነው ቃል ለሌላው ከተማ ሆነ። ነገሩም እንደ ቃሉ ነው። ብዙ ከተማ የተወለደው ከገበያ ነው። ሰው ለመሸጥ ይመጣል። አንዲቱ ሻይ ታፈላለች። አንዱ ዳስ ይጥላል። ሌላው ወፍጮ ይተክላል። ከጥቂት ዓመት በኋላ ገበያው ሲበተን የማይበተን ሰው ይኖራል።

በባቡርም የተወለደ ከተማ አለ። ድሬዳዋን ተመልከቱ። በ1895 ዓ.ም. የባቡሩ ሐዲድ የሐረርን ተራራ መውጣት ትቶ ከታች ሜዳው ላይ ደረሰ። በሜዳው ላይ ከተማ በቀለ። ዛሬ ድሬዳዋ ራሷን የቻለች የከተማ አስተዳደር ናት።

በድሮ ዘመን በሐረር ከተማና ገጠርን መለየት ቀላል ነበር። ሐረሪዎች ከተማቸውን «ጌ» ይሏታል። ትርጉሙ ከተማ ነው። የጀጎልን ግንብ ከ450 ዓመት በፊት አሚር ኑር እንዳሠሩት ይነገራል። አምስት የጥንት በሮች አሉት። በሮቹ ማታ ማታ ይዘጉ ነበር። ከግንቡ ውስጥ ከተማ ነው። ከግንቡ ውጭ እርሻ ነው። በግንቡ ውስጥ ያለው ቦታ ሁሉ 48 ሄክታር ያህል ነው። አንድ ጋሻ መሬት 40 ሄክታር ያህል ነው። እንግዲህ ያ ሁሉ ቤት፣ ያ ሁሉ መስጊድ፣ ያ ሁሉ ገበያ ያረፈው ከአንድ ጋሻ ጥቂት በሚበልጥ መሬት ላይ ነው። ጀጎል በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል።

ዛሬ ከተማን ከገጠር የሚለየው ግንብ ከድንጋይ አይሠራም። ወረቀት ላይ ነው ያለው። ማንበብ የሚያስፈልገንም ለዚህ ነው።

ቁጥሩ ምን ይላል?

በ1999 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ ከተማ የተባለው በመሠረቱ 2 ሺህና ከዚያ በላይ ሰው የሚኖርበት ቦታ ነው። ነገር ግን የክልል፣ የዞን ወይም የወረዳ ዋና ከተማ ከሆነ የሰው ብዛት ሳይታይ ከተማ ተብሎ ይቆጠራል። የከተማ ቀበሌ የተቋቋመበት ቦታም እንደዚሁ ነው። ከዚህ ሌላ፣ 1 ሺህ ሰው ኖሮት ነዋሪው በአብዛኛው ከእርሻ ውጭ በሆነ ሥራ የሚተዳደር ከሆነ ከተማ ተብሏል።

በ2000 ዓ.ም. የወጣው የከተማ ፕላን አዋጅ ቁጥር 574 ደግሞ እንዲህ አለ። ከተማ ማለት ማዘጋጃ ቤት የተቋቋመበት ቦታ ነው። ወይም 2 ሺህና ከዚያ በላይ ሰው ኖሮት ከሠራተኛው ግማሹ ከእርሻ ውጭ የሚሠራበት ቦታ ነው።

ልብ በሉ። ሁለት ነገር ይታያል። አንደኛው የሰው ብዛት ነው። ሁለተኛው ሰው የሚኖርበት ሥራ ነው።

ይህ ቁጥር በሁሉም አገር አንድ አይደለም። በዴንማርክ 200 ሰው ተጠጋግቶ ከኖረ ከተማ ነው። በህንድ የሕዝብ ቆጠራ ቢያንስ 5 ሺህ ሰው ያስፈልጋል። ጎረቤታችን ኬንያ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2011 ባወጣችው ሕግ አንድ ቦታ ማዘጋጃ ቤት እንዲኖረው 250 ሺህ ሰው ይጠየቅ ነበር። በ2019 ግን ሕጉ ተሻሽሎ ቁጥሩ ወደ 50 ሺህ ወረደ። እንግዲህ ቁጥሩ ከሰማይ የወረደ አይደለም። ሰው አወጣው፤ ሰው ይለውጠዋል።

ደረጃው እንዴት ነው?

ከተማ ሁሉ እኩል አይደለም። በአገራችን ከተሞችን በሕግ መመደብ የቆየ ነገር ነው። በ1937 ዓ.ም. የወጣው የማዘጋጃ ቤቶች አዋጅ አዲስ አበባንና ጎንደርን ለብቻ አስቀመጠ። የሁለቱ ሹም ከንቲባ ተባለ። ሌሎቹ ከተሞች ከእነርሱ በታች ተመደቡ።

አሁን ከተሞችን የሚመድቡት ክልሎች ናቸው። የኦሮሚያ ክልል በ1995 ዓ.ም. ባወጣው አዋጅ ከተሞቹን በአራት ደረጃ ከፈላቸው።

አንደኛ ደረጃ፦ ከ90 ሺህ ሰው በላይ።
ሁለተኛ ደረጃ፦ ከ45 ሺህ እስከ 90 ሺህ።
ሦስተኛ ደረጃ፦ ከ10 ሺህ እስከ 45 ሺህ።
አራተኛ ደረጃ፦ ከ2 ሺህ እስከ 10 ሺህ።

በአማራ ክልል ደግሞ የከተማ አስተዳደር፣ መሪ ማዘጋጃ ቤት፣ ንዑስ ማዘጋጃ ቤት፣ ታዳጊ ከተማ የሚባሉ ስሞች አሉ። ታዳጊ ከተማ ማለት ገና በማደግ ላይ ያለች ትንሽ ከተማ ናት።

የሐረሪ ክልል ጠባብ ነው። ሆኖም ከተማም ገጠርም አለው። በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ ከ183 ሺህ በላይ ሰው ነበረው። ከዚህ ውስጥ ከ99 ሺህ በላይ የሚሆነው የከተማ ነዋሪ ነው። የቀረው የገጠር ነዋሪ ነው። በዚያ ቆጠራ ክልሉ ዘጠኝ ወረዳዎች ነበሩት። አሚር ኑር፣ አባድር፣ ሸንኮር፣ ጅንኤላ፣ አቦከርና ሐኪም የከተማ ናቸው። ሶፊ፣ ኤረርና ድሬ ጥያራ የገጠር ናቸው።

ደረጃው ምን ያደርጋል? ሦስት ነገር ይወስናል።

አንደኛ፣ ማን እንደሚያዝ ይወስናል። ትልቁ ከተማ የራሱ ምክር ቤትና ከንቲባ አለው። ትንሹ ማዘጋጃ ቤት ግን ብዙውን ጊዜ በአንድ ሥራ አስኪያጅ ይመራል። ተጠሪነቱም ለወረዳው ነው።

ሁለተኛ፣ ገንዘቡን ይወስናል። የቄራ፣ የጽዳት፣ የመንገድ፣ የገበያ ቦታ ሥራ የማዘጋጃ ቤት ሥራ ነው። ይህ ሥራ በአብዛኛው የሚሠራው ከነዋሪው በሚሰበሰብ ገቢ ነው። የቦታ ኪራይ፣ የቤት ግብር፣ የገበያ ክፍያ፣ የከብት መሸጫ ክፍያ የዚህ ምሳሌ ናቸው። ትንሽ ከተማ ሥራው ብዙ ሆኖ ገቢው ጥቂት ነው። «ማዘጋጃ ቤት አለን፤ መብራት ግን የለንም» የሚባለው ከዚህ የተነሣ ነው።

ሦስተኛ፣ ፕላን ያመጣል። የት ቤት እንደሚሠራ፣ የት መንገድ እንደሚወጣ፣ የት ትምህርት ቤት እንደሚተከል በፕላን ይወሰናል።

ደረጃ እንዲሁ ቆሞ አይቀርም። ከሐረር በስተምዕራብ ያሉትን አወዳይንና ሐሮማያን ታውቃላችሁ። አወዳይ የጫት ገበያዋ ዝነኛ ነው። ሁለቱም ለየብቻ የቆሙ ከተሞች ነበሩ። በቅርብ ዓመታት ግን ማያ በሚባል አንድ የከተማ አስተዳደር ውስጥ ተጠቃለሉ። ትንንሾቹ ሲደመሩ ትልቅ ይሆናሉ፤ ደረጃቸውም ከፍ ይላል። ዳር ላይ የነበረው እርሻም በመካከል ይገኛል።

መሬቱስ?

እናታችን ይህን ሁሉ ሰሙና ራሳቸውን ነቀነቁ። «ልጄ፣ መብራቱን ማን ይጠላል? ውኃውንስ? የእኔ ጭንቅ ሌላ ነው። መሬቴስ?» አሉን።

ዋናው ነገር ይህ ነው። ከተማና ገጠር የሚለያዩት ከሁሉ በላይ በመሬት ሕግ ነው። አንድ የቆየ ምሳሌ እንስጥ። በ1967 ዓ.ም. ሁለት አዋጆች ወጡ። የካቲት 25 ቀን የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ለአንድ ገበሬ ቤተሰብ እስከ 10 ሄክታር ፈቀደ። ሐምሌ 19 ቀን የወጣው የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ ግን ለአንድ ቤተሰብ መኖሪያ እስከ 500 ካሬ ሜትር ፈቀደ። አንድ ሄክታር 10 ሺህ ካሬ ሜትር ነው። ስለዚህ 500 ካሬ ሜትር ከአንድ ሄክታር ሃያ እጅ አንዱ ብቻ ነው። ከወሰኑ ወዲያና ወዲህ ያለው ልዩነት ይህን ያህል ነበር።

ዛሬም ልዩነቱ አለ። በሕገ መንግሥቱ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። ገበሬ የሚያርሰውን መሬት ያለ ክፍያ የማግኘት መብት አለው። በከተማ ግን ቦታ የሚሰጠው በሊዝ ነው። ሊዝ ማለት ቦታን ለተወሰነ ዘመን በክፍያ መያዝ ነው።

መንደር ከተማ ተብሎ መጠራቱ ብቻውን መሬት አይነጥቅም። ነገር ግን የከተማው ወሰን ሲሠመር እርሻችሁ በውስጥ ከገባ፣ ውሎ አድሮ ለመንገድ ወይም ለቤት ሥራ ሊፈለግ ይችላል። ያን ጊዜ ካሳ መክፈል ግዴታ ነው። በ2011 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1161 እንዲህ ደነገገ። መሬቱን ለዘለቄታው የሚለቅ ገበሬ ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ካልተገኘለት የመፈናቀያ ካሳ ይከፈለዋል። ስሌቱም ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍ ያለው የአንድ ዓመት ገቢ በ15 ተባዝቶ ነው። በመሬቱ ላይ ላለው ንብረት ደግሞ ለብቻው ይከፈላል።

እናስላው። አንዲት ገበሬ በሦስቱ ዓመታት 14 ሺህ፣ 20 ሺህና 17 ሺህ ብር ከመሬቷ አገኘች እንበል። ከፍ ያለው 20 ሺህ ነው። 20 ሺህ ሲባዛ በ15፣ 300 ሺህ ብር ይሆናል። ገቢዋን ያልጻፈች ሴት ግን በምን ታስረዳለች? ስለዚህ የሸጣችሁትን በደብተር ጻፉ። ቀኑን፣ መጠኑን፣ ዋጋውን ጻፉ። አዋጁ ከዚያ ወዲህ ማሻሻያ ስለወጣለት የዛሬውን ስሌት ከወረዳው ጽሕፈት ቤት ጠይቃችሁ ተረዱ።

ምን እንጠይቅ?

መንደራችሁ ከተማ ሊሆን ነው ከተባለ በስብሰባው ላይ እነዚህን ጠይቁ።

1. በስንተኛ ደረጃ ነው የምንመደበው? ተጠሪነታችን ለማን ነው?
2. ወሰኑ የት ይቆማል? በካርታ አሳዩን። የማን የማን እርሻ ውስጥ ይገባል?
3. ምን ምን ክፍያ ይጀመራል? የተሰበሰበውስ በምን ሥራ ላይ ይውላል?
4. መሬት ቢፈለግ ካሳው እንዴት ይሰላል? መቼ ይከፈላል?
5. ቅሬታ ያለው ሰው ለማን ያመለክታል?

የመሬት ይዞታ ደብተራችሁን ከአይጥና ከእሳት ጠብቁ። ለብቻ ከመጠየቅ አብሮ መጠየቅ ይሻላል። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይባላል።

እናታችን ሊሄዱ ሲነሡ አንድ ነገር አጫወቱን። «ባለፈው ስብሰባ ተጠራን። ሲያበቃ ወረቀት ዞረ። የመጣችሁ ፈርሙ አሉን። ድሮ ቢሆን አውራ ጣቴን ቀለም ነክሬ እሰጥ ነበር። አሁን ግን ቆይ ላንብበው አልኩ። ሰዉ ሳቀብኝ። ቀስ ብዬ አነበብኩት። ከላይ የተጻፈው የተገኙ ሰዎች አይልም። ወሰኑን ተቀብለን ተስማምተናል ይላል። እኛ እኮ ወሰኑን አላየንም! ጮክ ብዬ አነበብኩላቸው። ሳቁም ቆመ። ወሰኑ በእግር ዞረን ሳናይ አንፈርምም አልን። ቀጠሮ ሰጡን» አሉ።

«ታዲያ ከተማ መሆኑን ይፈልጋሉ ወይስ አይፈልጉም?» ብለን ጠየቅናቸው።

«ሳሩን አይቼ ገደሉን ሳላይ አልገባም። ገደሉን ካየሁ በኋላ ግን በሌላ መንገድ ወደ ሳሩ እሄድ ይሆናል» አሉን። ቀሚሱን በፌስታል ጠቅልለው ወደ መኪና ተራ ወረዱ።

እነሆ፣ ውድ አንባቢዎች፣ መልሱ ይህ ነው። ከተማ መሆን በራሱ ሹመትም ሽረትም አይደለም። ሹመት ወይም ሽረት የሚያደርገው ወሰኑን ማን እንዳየውና ወረቀቱን ማን እንዳነበበው ነው።

አዳዲስ ቃላት

ማዘጋጃ ቤት፦ የከተማን አገልግሎት የሚያከናውን መሥሪያ ቤት።
ተጠሪ፦ ለሥራው መልስ የሚሰጥ።
ሊዝ፦ የከተማን ቦታ ለተወሰነ ዘመን በክፍያ መያዝ።
ካሳ፦ ለታጣ ነገር የሚከፈል።

ለመወያያ

1. በአካባቢያችሁ ያለች ትንሽ ከተማ ከምን ተወለደች? ከገበያ? ከመንገድ? ከሌላ?
2. በመንደራችሁ ስንት ሰው ይኖራል? ከእነዚህ ውስጥ ከእርሻ ውጭ የሚሠራው ስንቱ ነው? ቆጥራችሁ ጻፉ።
3. የአንድ ገበሬ ከፍተኛ የዓመት ገቢ 18 ሺህ ብር ቢሆን፣ በ15 ሲባዛ ስንት ይሆናል?