መጽሐፍ በጆሮ ሲነበብ

አንባቢ ሆይ፤ የተዋናይ ሥራ በመድረክ ላይ ብቻ የሚያልቅ የሚመስለው ሰው ብዙ ነው። ነገር ግን ልብስና መብራት ሳያግዙት፤ ድምፁን ብቻ ይዞ በየሰው ቤት የሚገባ ተዋናይም አለ። በቀልደኛነቱ የታወቀው የእንግሊዝ ተዋናይ ስቲቨን ፍራይ ሰባቱን የሃሪ ፖተር መጻሕፍት ለብቻው አንብቦ አስቀርጿል። በእኛ አገር ደግሞ ይህ ሙያ ሲነሣ አስቀድሞ ስሙ የሚጠራው ወጋየሁ ንጋቱ ነው።

ወጋየሁ በጸጋዬ ገብረ መድኅን ተውኔቶች በመድረክ የታወቀ ሰው ነበር። በ1958 ዓ.ም. የታተመውን የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ በተረከው ጊዜ ግን፤ ቲያትር ቤት ገብቶ የማያውቀውም ሆነ ማንበብ ያልተማረው ሰው ወዳጁ ሆነ። እርሱ ዛሬ በሕይወት የለም፤ ድምፁ ግን በየሰው ስልክ ውስጥ ይሰማል።

ለመሆኑ የተራኪ ብልሃቱ ምኑ ላይ ነው? ድምፅን ማማር ብቻ አይደለም፤ ማስተዋል ነው። ጉዱ ካሣን አስቡት። የአገሩ ሰው እብድ ይለዋል፤ እርሱ ግን ሌላው የሚፈራውን እውነት ይናገራል። ተራኪው እንደ እብድ ቢያነበው አድማጭ ስቆ ያልፋል፤ እንደ ዐዋቂ ቢያነበው ግን አድማጭ ይደነግጣል። የፊታውራሪ መሸሻም ኩራት የሚያስቀው አንባቢው ራሱ ሳይስቅ ሲያነበው ነው። ቀልድን በሣቅ የሚያነብ ሰው የአድማጩን ሣቅ ቀድሞ ይበላበታል።

ሌላም ችግር አለ። የአማርኛ ፊደል የሚጠብቀውን ከሚላላው አይለይም። «ገና» ሲላላ ያልደረሰ ነገር ነው፤ ሲጠብቅ በዓል ነው። «ዋና» ሲጠብቅ አለቃ ነው፤ ሲላላ ግን በጫሞ ሐይቅ ዳር ለአዞ የሚያጋልጥ ጨዋታ ነው። ጽሕፈቱ ዝም ያለውን የሚፈርደው የአንባቢው አንደበት ነው።

ይህ ነገር በተለይ በአርባ ምንጭ ለሚማሩና ለሚሠሩ ወጣቶች ይጠቅማል። በጋሞ ዞን ብዙው ልጅ አፉን የሚፈታው በጋሞኛ ነው። ጋሞኛ በላቲን ፊደል ሲጻፍ፤ የሚጠብቀው ድምፅ በተደረበ ፊደል ይታያል። በአማርኛ ግን ተደብቋል፤ የሚገኘውም በጆሮ ነው። ስለዚህ መልካም ተራኪን መስማት ጊዜ ማጥፋት ሳይሆን ትምህርት ነው። መጽሐፉን በእጅ ይዞ፤ ድምፁን በዐይን እየተከተሉ መስማት ደግሞ እጥፍ ትምህርት ነው።

በመሥሪያ ቤትም ቢሆን ነገሩ ያው ነው። አንድ ሽማግሌ ከጨንቻ ደጋ ወርደው፤ ስለ መሬታቸው የተጻፈውን ውሳኔ ጸሐፊው እንዲያነብላቸው ይጠይቃሉ እንበል። በደብዳቤው ላይ «ዳኛው ይሰማል» ተብሎ ቢጻፍ፤ ዳኛው ሌላውን ያዳምጣል ማለት ነውን ወይስ ዳኛው ይደመጣል? ጸሐፊው ለመጨረስ ሲሮጥ አንዱን ሐረግ ካበላሸ፤ አባት ያልተፈረደባቸውን ተሸክመው ዳገቱን ይወጣሉ። የወጋየሁ አድማጭ ቢሳሳት ጨዋታ ያመልጠዋል፤ የዚህ ጸሐፊ አድማጭ ግን እርሻው ሊያመልጠው ይችላል።

እንግዲህ ወዳጆቼ፤ ለሰው ከማንበባችሁ በፊት ለራሳችሁ አንብቡ። የሚያሳስተውን ቃል በእርሳስ ምልክት አድርጉበት። በዐረፍተ ነገሩ መጨረሻ ዕረፉ። የሰሚውን ፊት ተመልከቱ፤ ካልገባውም ሳታፍሩና ሳታሳፍሩት ድገሙለት። ሁላችን ተዋናይ ልንሆን አንችልም፤ የሰውን ቃል ሳናጎድል ለሰው ማድረስ ግን ሁላችንም እንችላለን።