አሰብን ያደረቀው ድንበሩ ነው ወይስ መዘጋቱ?

ጠቅላይ ሚኒስትሩ በጥቅምት 2016 ዓ.ም. የቀይ ባሕርን ጉዳይ በይፋ ካነሡ ወዲህ «አሰብ የማን ነው?» የሚለው ክርክር ተጋግሏል። ይህ ጸሐፊ ግን ሌላ ጥያቄ ማስቀደም ይወዳል፤ ለመሆኑ አሰብን ያደረቀው ምንድን ነው?

ብዙዎቻችን የ1985ቱን የኤርትራ ነጻነት እንወቅሳለን። የታሪኩ ቅደም ተከተል ግን ይህን አይደግፍም። ኤርትራ ነጻ አገር ከሆነች በኋላም አምስት ዓመት ያህል አብዛኛው የኢትዮጵያ ገቢና ወጪ ንግድ በአሰብ በኩል ያልፍ ነበር። መንገዱ የተዘጋው በግንቦት 1990 ዓ.ም. ጦርነቱ ሲፈነዳ ነው። ያን ጊዜ ጭነቱ ወደ ጅቡቲ ዞረ፤ የጋላፊ መስመር ደራ፤ የቡሬ መስመር ጭር አለ፤ ከድንበሩ ወዲህና ወዲያ የሚኖሩ የአፋር ዘመዳሞችም ተለያዩ።

መስከረም 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ቡሬና ዛላምበሳ ሲከፈቱ ካርታው በአንዲት ስንዝር አልተለወጠም፤ የዛላምበሳ ገበያ ግን ወዲያው ነፍስ ዘራ። በወራት ውስጥ ኬላው ተመልሶ ሲዘጋ ገበያውም አብሮ ከሰመ።

«የ1985ቱ ስምምነት መች ጸና?» የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። እውነት ነው፤ አልጸናም። ያፈረሰው ግን ጦርነት ነው፤ ታዲያ ጦርነት ያፈረሰውን በሌላ ጦርነት እንጠግን ማለት ምን ዓይነት ብልኃት ነው? የባሕር በር ያስፈልገናል። በር የሚሆነን ግን በጽኑ ውል የተጠበቀ መንገድ እንጂ በደም የተሠመረ ካርታ አይደለም።

ቸር ይግጠመን።