ከፍርድ በኋላ ለሚላኩ ሽማግሌዎች

ባልንጀሮቼ፣ ጋቢያችንን ደርበን የምንገባበት ቤት ሁሉ የእርቅ ቤት እንዳይመስለን።

ፍርድ ተሰጥቶ፣ ይግባኙም ታይቶ ካለቀ በኋላ ባለዕዳው ሽማግሌ ይልካል። እኛም እንነሣለን። ልጆቿን ብቻዋን የምታሳድግ ሴት ዘንድ ሄደን «ስለ እግዚአብሔር፣ ለእኛ ስትዪ ተዪው» እንላታለን። እምቢ ብትል ሽማግሌ አሳፈረች ተብሎ በዕድሩ ስሟ ይነሣል። እሺ ብትል ቀለቡ ይቀራል። ቀለብ የተቆረጠው ለልጆቹ ነው፤ እናት የራሷን በደል ይቅር ትበል እንጂ የልጆቿን እንጀራ ይቅር ማለት አትችልም። የቤት ኪራዩ፣ ዱቄቱ፣ ደብተሩ ወር ጠብቆ ይመጣል፤ የአባትየው «ቀስ ብዬ እሰጣለሁ» ግን አይደርስም። ይህን ሽምግልና ካልነው ለነፍሳችን እፈራለሁ።

ዕግድ የወጣበትን ቤት በአማችህ ስም አዙር፣ መጥሪያው አልደረሰኝም በል እያለ የሚመክርም ከመካከላችን አይጠፋም። እንዲህ ያለ መካሪ ወዳጁን ወደ እስር ቤት እየመራው ነው። «ይግባኝ ብያለሁ» ማለትም አያድንም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ ይግባኝ በመባሉ ብቻ አፈጻጸም አይቆምም ይላል፤ የሚያስቆመው በፍርድ ቤት የሚሰጥ ዕግድ ነው። ጊዜ ያስረሳዋል የሚልም ተሳስቷል፤ ባለመብቱ አፈጻጸም ለመጠየቅ 10 ዓመት አለው። ችሎት ገብቶ ዳኛ መስደብማ በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 እስከ አንድ ዓመት እስራት ያስከትላል፤ ዳኛው እዚያው ሊቀጣ ይችላል።

ፍርዱ ተሳስቷል እንበል። ዳኛ ሰው ነው፣ ይሳሳታል፤ በጉቦ የሚታማም አለ፣ እንዳልሰማሁ አልሆንም። ይግባኝና ሰበር የተዘረጉት ለዚሁ ነው። ፍርድ ቤት በዋስ ይለቀቅ ያለውን ሰው ፖሊስ አልለቅም ሲል አዝነን እንናገር የለም? ታዲያ በየቤታችን ያልወደድነውን ፍርድ እያስቀረን፣ ነገ ጉልበተኛ መሬታችንን ሲወስድ የትኛውን ወረቀት ይዘን እንቆማለን? አባቶቻችን «በሕግ አምላክ!» ሲባሉ ለጠብ የተነሣ እጅ ይቆም ነበር፤ ጠሪው ድሀ ነው ተብሎ አይታለፍም። ማኅተም ያረፈበትን ትዕዛዝ እያየን «እስቲ ይቆይ» የምንለው እኛ የነሱ ልጆች ነን።

እርቅ ይቅር አላልሁም። ክርክሩ በየትኛውም ደረጃ ሳለ ባለጉዳዮች እንዲስማሙ ሕጉ ይፈቅዳል፤ ስምምነቱ ይጻፍ፣ ለችሎቱ ቀርቦ ይመዝገብ። ከፍርድ በኋላ «ሂዱልኝ» የሚለንን ሰው ግን አስቀድመን የፍርዱን ግልባጭ እንጠይቀው፤ የከፈለውንም በደረሰኝ ያሳየን። በእርግጥ አቅም ካነሰው አብረነው ቁጭ ብለን በየወሩ ስንት መክፈል እንደሚችል እናስላ፤ ያንኑ ይዞ እሱ ራሱ አፈጻጸሙን ለያዘው ችሎት ያመልክት።