አልዌሮን ማን ይቅረጽልን?

ወገን፣ እስቲ አንድ ጥያቄ። የአባይን ግድብ ከመሠረት ድንጋዩ ጀምሮ ታውቁታላችሁ። ቦንድ ገዝታችኋል፣ ፕሮፋይል ፎቶ ቀይራችሁለታል። አልዌሮ ግድብስ የት ነው?

ጋምቤላ ክልል፣ አቦቦ ወረዳ ነው። በደርግ ዘመን በሶቪየቶች እገዛ ተሠራ፤ ከዚያ ለመስኖ ሳይውል ለብዙ ዓመታት ውሃ አቁሮ ተቀመጠ። በኋላ 10,000 ሄክታር መሬት ለሳዑዲ ስታር የሩዝ እርሻ ለ60 ዓመት በሊዝ ተሰጠ። ሚያዝያ 2004 ዓ.ም. ታጣቂዎች የእርሻውን ካምፕ አጥቅተው ሠራተኞችን ገደሉ። ለጥቂት ቀን ተወራ፣ ከዚያ ዝም።

ይህን የመሬት ጉዳይ በፊልም ለዓለም ያሳየው ማን መሰላችሁ? ዮአኪም ዴመር የሚባል ስዊድናዊ። ሰውየው አንድ ሌሊት አዲስ አበባ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ የእርዳታ እህል ሲራገፍ፣ እዚያው ደግሞ የሀገሪቱ ምርት ወደ ውጭ ሲጫን አየ፤ ነገሩ ከነከነው። ለዓመታት ጋምቤላ ተመላልሶ ፊልሙን እ.ኤ.አ. በ2017 አወጣው። ርዕሱ? «የሞተ አህያ ጅብ አይፈራም»፣ በእንግሊዝኛ። የኛው ተረት እኮ ነው!

በፊልሙ ውስጥ የኛ ሰውም አለ፤ የአካባቢ ጉዳይ ጋዜጠኛው አርጋው አሽኔ። እ.ኤ.አ. በ2011 ስሙ በዊኪሊክስ በወጣ የአሜሪካ ኤምባሲ ሰነድ ላይ ተጠቅሶ ለጥያቄ ከተጠራ በኋላ ሀገር ጥሎ ወጣ። «ለምን ኢትዮጵያዊ አልሠራውም?» የምትሉ ይህችን ያዙልኝ።

እኔ ፈረንጁን አልወቅስም። የሚያናድደኝ የኛ ካሜራ ነው። ጋምቤላን የሚያስታውሳት ኅዳር 29 ሲደርስ፤ 3 ደቂቃ ጭፈራ፣ ዶቃ፣ ከበሮ፣ በቃ። እኛም «አንድ ኢትዮጵያ» ብለን ፖስት አድርገን እንተኛለን። የማናውቀውን መሬት እንዴት ነው የምንጠብቀው?

የሚቀረጸው እኮ ሞልቷል። አኝዋሃው ጎርፉ ሲሸሽ ወንዝ ዳር በቆሎና ማሽላ ይዘራል፤ ወንዙ በግድብ ሲያዝ ያ እርሻ ምን ሆነ? ከደቡብ ሱዳን ቦማ ጋምቤላ ፓርክ ድረስ በመንጋ የሚጓዘው ነጭ ጆሮ ቆርኬ መንገዱ ላይ እርሻ ሲገጥመው በየት ይለፍ? ወደ ደጋው ስትወጡ ደግሞ የማጃንግ ጫካ አለ፤ ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2017 በባዮስፌር ጥብቅነት መዝግቦታል። ማጃንጉ ቀፎውን የሚሰቅለው ዛፍ ላይ ነው። ጫካው ከሄደ ማሩም ሄደ፤ ቆላ ያለው ውሃም ይከተላል።

ስትቀርጹ ግን ያንን በከባድ ድምፅ የሚነበብ ትረካ ተዉት። ሽማግሌው በራሱ ቋንቋ ይናገር፣ አማርኛውን ከስር ጻፉ። መጀመሪያ አስፈቅዱ። በ1977ቱ ድርቅ ከወሎና ከሌላም ቦታ በሰፈራ የመጡ ሰዎች ልጆችም አቦቦ አሉ፤ እነሱን ቆርጣችሁ ብታወጡ ፊልሙ ውሸት ይሆናል። የእርሻውን የቀን ሠራተኛም ጠይቁ። አንድ ቀን ሄዶ መመለስ ደግሞ አይሠራም፤ ያው ወንዝ በበጋም በክረምትም መታየት አለበት።

ካሜራ የለንም አትበሉ፣ ስልክ አለ። ጊዜ እንደሆነ ዲግሪ ይዘን ቤት የተቀመጥን ሰዎች ምን ያህል እንዳለን እናውቃለን። አቦቦና ጋምቤላ ከተማ ያላችሁ ልጆች በኢንቦክስ ጻፉልን። ከሌላው በፊት እናንተ የቀረጻችሁትን እንለጥፋለን።