ለኡሩክ ማን ይናገርላት?

የኮሪያው ኬ ቢ ኤስ ቴሌቪዥን ከየካቲት እስከ ሚያዝያ 2008 ዓ.ም. በ16 ክፍል ያሳየውን «የፀሐይ ዘሮች» የተባለ የልዩ ጦር ድራማ ዛሬም ደጋግሞ የሚያየው ወጣት ጥቂት አይደለም። እኛም አይተነዋል፤ ወደነዋልም።

የወደድነው ግን ተኩሱን አይደለም። አንድ የዐረብ መሪ በጠና ታሞ ሳለ፥ የልዩ ጦሩ ሻምበል ዩ ሺጂን የበላዮቹ «እጅህን አታስገባ» ቢሉት፥ «አድነዋለሁ» ያለችውን ሐኪም ካንግ ሞዮንን አምኖ የሬዲዮ መገናኛውን ዘጋ። የመሪው ጠባቂዎች መሣሪያ ደገኑ፤ የሻምበሉም ወታደሮች ደገኑ፤ በዚያ መካከል ቀዶ ሕክምናው ተደረገ። በሽተኛው ዳነ፤ ሻምበሉ ግን ታሰረ፥ የማዕረግ ዕድገቱም ቀረበት። ከበላይ በሚመጣ ትእዛዝ ለሚሠራ ወጣት ሹም ይህ ብዙ የሚያነጋግር ነገር ነው፤ ደራሲዎቹም ቅጣቱን አለማስቀረታቸው ያስመሰግናቸዋል።

ቅር ያሰኘን ሌላ ነው። ይህ ሁሉ የሚሆንባት ኡሩክ የተባለችው አገር በካርታ ላይ የለችም። ደራሲዎቹ ፈጥረዋት ባሕርዋን ከግሪክ ተዋሱላት (የተሰበረው መርከብ የተኛበት የዛኪንቶስ ደሴት ዳርቻ በእውነት ዓይን ይይዛል)። ሕዝብዋ ግን ወይ ይታመማል፥ ወይ ይዘርፋል፥ ወይ ሌላው ያድነዋል። ከወንበዴዎች እጅ የወጣችው ፋጢማ እንኳ ስለ መጡት ወታደሮች ምን እንደምታስብ የሚጠይቃት የለም።

«የፈጠራ አገር ናትና ማን ይጎዳል?» የሚል ይኖራል። በዚያው ዓመት ድራማው በቬትናም ሊታይ ሲል ግን አንድ የአገሩ ጋዜጠኛ አጥብቆ ተቃወመ። የኮሪያ ተዋጊ ጦር ከ1958 እስከ 1965 ዓ.ም. በቬትናም ነበረ፤ በጠቅላላው ከ300 ሺህ በላይ ወታደር ተፈራርቆበታል፤ በአንዳንድ መንደርም ሰላማውያን ሰዎች ተገድለዋል። የሴኡል ፍርድ ቤት በ2015 ዓ.ም. ከግድያው ለተረፈች አንዲት ሴት የኮሪያ መንግሥት ካሣ እንዲከፍል ፈርዷል። ቬትናም ኡሩክ አይደለችምና ተናገረች።

እኛም ከ1943 ዓ.ም. ጀምሮ የቃኘው ሻለቃ ጦር ወደ ኮሪያ ዘምቶ ከ120 በላይ ሰው ሞቶበታል። ስለ ዘማቾቹ አፋችንን ሞልተን የምንናገረው አባቶቻችን ስለተረኩልን ብቻ አይደለም፤ ባላገሩም ስለመሰከረ፥ የቹንቾን ከተማም በ1960 ዓ.ም. ሐውልት ስላቆመላቸው ነው። የሻምበል ዩን ደግነት ግን እስከ 16ኛው ክፍል ድረስ የሚነግሩን የገዛ ወገኖቹ ናቸው።