ለቤት ሲል ገዳይ የሆነው ሰው

ለመሆኑ ሰው ገዳይ የሚሆነው በምን ምክንያት ይመስላችኋል? በጭካኔ? በጥላቻ? ሉዊስ ጋርሲያ በርላንጋ የተባለው የስፔን ፊልም ሠሪ መልሱ ሌላ ነው። በቤት እጦት!

በርላንጋ በ1921 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) ቫሌንሲያ ውስጥ ተወለደ። ካሜራ ያነሳው ጀኔራል ፍራንኮ አገሩን ሰጥ ለጥ አድርጎ በሚገዛበት ዘመን ነው። በ1953 በሠራው «እንኳን ደህና መጡ ሚስተር ማርሻል» ፊልሙ፣ የአሜሪካንን ዕርዳታ ለመቀበል ሽር ጉድ ስትል ቆይታ መኪኖቹ ሳይቆሙ ጥለዋት ያለፉትን መንደር አሳየ። በ1963 ደግሞ ከራፋኤል አስኮና ጋር ጽፎ «የሞት ፍርድ ፈጻሚው»ን አመጣ።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ሬሳ በማንሳት የሚተዳደር አንድ ወጣት የመንግሥት ገዳይ የሆኑትን ሽማግሌ ልጅ ያገባል። ሽማግሌው የመንግሥት ቤት ደርሷቸዋል፤ ግን ጡረታ ሊወጡ ነው። ቤቱ እንዳያመልጥ አማችየው ሥራውን መውረስ አለበት። «ግድየለህም፣ የሚገደል አይኖርም» እያሉ ያግባቡታል። ይፈርማል። አንድ ቀን ታዲያ ከማዮርካ ደሴት ጥሪ ይመጣል! በመጨረሻ ሟቹ በእግሩ ሲሄድ፣ ገዳዩ ግን እየተጎተተ ይገባል።

እኔ በኪራይ ቤት ዕድሜዬን የገፋሁ ሰው ነኝ። እውነቱን ልናገር፣ ልጁ ሲፈርም በሆዴ «ፈርም እንጂ፣ ቤት እኮ ነው!» ብያለሁ። የሚያስፈራውም ይኸው ነው። አምባገነን በጨካኞች ብቻ አይገዛም፤ ደሞዝና ጣሪያ በቸገራቸው ደጎች ጭምር እንጂ።

ሳንሱሩስ ምን ቆረጠ? በሽማግሌው ቦርሳ ውስጥ የማነቂያው ብረቶች ሲንኳኩ የሚሰማውን ድምፅ! ልብ በሉ፣ ብረቱ ማነቁን አላቆመም። በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ ሁለት የፍራንኮ ተቃዋሚዎች ማድሪድ እስር ቤት ውስጥ በዚሁ ዓይነት ብረት ታንቀው ተገደሉ። ብዙም ሳይቆይ ፊልሙ ቬኒስ ላይ ሲታይ፣ ሮም የነበሩት የስፔን አምባሳደር አቤቱታቸውን ወደ ማድሪድ ጻፉ። ፍራንኮም «በርላንጋ ኮሙኒስት አይደለም፣ ከዚያ የባሰ ነው፤ መጥፎ ስፔናዊ ነው» ማለቱ በሰፊው ይነገራል።

እንግዲህ ፍረዱ። አገር የሚያዋርደው አናቂው ነው ወይስ ሲያንቅ አየሁት ያለው? «የአገር ጠላት» የሚለው ታርጋ በማን ላይ እንደሚለጠፍ አንባቢ አያጣውም።

ፍራንኮ በ1975 ሞተ። የ1978ቱ ሕገ መንግሥት ከጦርነት ጊዜ በቀር የሞት ቅጣትን አስቀረ። በርላንጋ በ2010 አረፈ። በ2020 «በርላንጋዊ» የሚለው ቃል የስፔን አካዳሚ መዝገበ ቃላት ውስጥ ገባ። መጥፎ የተባለው ሰው የቋንቋቸው ቃል ሆኖ ቀረ!

እኛም የቤት ቁልፍ ሲሰጠን፣ ከቁልፉ ጋር ምን ብረት እንደሚያስይዙን ቀድመን እንጠይቅ።